ዶርዜና ጨንቻን በእግር፦ ጥያቄዎቻችሁና መልሶቼ

ከአርባ ምንጭ ሽቅብ ወደ ጨንቻ ሲወጣ በዶርዜ መንደሮችና በዙሪያቸው ባሉ ደኖች መካከል ስለሚደረገው የአንድ ቀን የእግር ጉዞ ብዙ ጥያቄ ደርሶኛል። የሚመሳሰሉትን አንድ ላይ አድርጌ እመልሳለሁ። የመጀመሪያው መልስ ረዘም ይላል፤ ጉዳዩ ከሁሉም በላይ የሚያሳስበኝ ስለሆነ ነው።

«ቅዳሜና እሁድ ሃይኪንግ የምንወጣ ጓደኛሞች ነን። እንጦጦንም መናገሻንም ወንጪንም በራሳችን ዞረናል። ስልካችን ላይ ካርታ አለ፣ ቋንቋም አይቸግረንም። በገዛ አገራችን ለምን ለአስጎብኚ እንከፍላለን?» (ከአዲስ አበባ)

ወዳጆቼ፣ መንገዱን ለማግኘት ብቻ ከሆነ ላያስፈልጋችሁ ይችላል። ግን ዶርዜና ጨንቻ ያሉበት የጋሞ ደጋ ሰው ጥቅጥቅ ብሎ የሰፈረበት ተራራ ነው። ከቀርከሃው ስትወጡ እንሰት ውስጥ ትገባላችሁ። ከእንሰቱ ስትወጡ የሰው ደጃፍ ላይ ናችሁ። አብዛኛው የእግር መንገድ በሰው ጓሮ ነው የሚያልፈው። ከእናንተ ጋር የሰፈሩ ልጅ ካለ «ቤቶች!» ብሎ ያልፋል፣ እናንተም እንግዳ ትሆናላችሁ። ብቻችሁን ከሆናችሁ ግን ሳይጠይቅ ግቢ የገባ ሰው ናችሁ።

ሌላው ዱቡሻ ነው። ዱቡሻ የጋሞ ሽማግሌዎች የሚሰበሰቡበት አደባባይ ነው። በደል የሚነገረው፣ ጠብ የሚበርደው፣ የጋራ ጉዳይ የሚወሰነው እዚያ ነው። ለማያውቅ ሰው ግን ለምሳ የሚመች ለምለም ሜዳ ይመስላል። በመስከረም 2011 ዓ.ም. አርባ ምንጭ ላይ በቁጣ የወጡ ወጣቶችን የጋሞ አባቶች እርጥብ ሣር ይዘው፣ ተንበርክከው እንደመለሷቸው ታስታውሱ ይሆናል። ያ ሥርዓት ቤቱ ዱቡሻ ነው። እዚያ ላይ ምንጣፍ ዘርግቶ ሙዚቃ መክፈት ምን ማለት እንደሆነ ካርታው አይነግራችሁም።

የተከበሩት ደኖችም አሉ። በየአካባቢው ዛፍ የማይቆረጥባቸው፣ አንዳንዶቹም የመቃብር ቦታ የሆኑ ጥንታዊ ደኖች ታያላችሁ። ማንም እንዳሻው የማይገባባቸውም አሉ። ዙሪያቸው ሲታረስ፣ ባሕር ዛፍ ሲተከልበት፣ እነሱ የአገር በቀል ዛፎቻቸውን ይዘው ቆመዋል። ያቆያቸው አጥር ወይም ዘበኛ አይደለም። የሕዝቡ ክልከላ ነው። እምነትና አኗኗር በተቀየረባቸው አንዳንድ ቦታዎች ክልከላው ላልቷል፣ ደኑም አብሮ ሳስቷል። ስለዚህ ሃያ ሆናችሁ ከመጣችሁ የምትረግጡት ነገር አለ። የት እንደሚገባ፣ የት ቆሞ ማየት እንደሚበቃ የሚያውቀው የዚያው መንደር ሰው ነው።

አስጎብኚ ስትይዙ እንግዲህ የአካባቢው ልጅ ይሁን። ዋጋውን፣ ስንት ሰዓት እንደምትሄዱ፣ የመንደሩ መግቢያ ክፍያ በውስጡ መኖር አለመኖሩን ከመነሳታችሁ በፊት ጨርሱ። ደረሰኝም ጠይቁ። ክፍያው አገራችሁን ለማየት የምትከፍሉት ቀረጥ አይደለም። ደኑን ጠብቆ ላቆየ ሰው የሚደርስ ገንዘብ ነው፣ በቅሬታ አትክፈሉት።

«እናቴ 66 ዓመታቸው ነው። ጉልበታቸውን ያማቸዋል፣ ግን ቤት መቅረት አይፈልጉም። ልውሰዳቸው?» (ከሐዋሳ)

ይውሰዷቸው እንጂ! ዶርዜ ድረስ መኪና ይወጣል። መንደሩ ውስጥ ያለው መንገድ ቀስ እያሉ የሚሄዱበት ነው። ለጉልበት አስቸጋሪው ቁልቁለቱ ስለሆነ ከመንደሩ ወደ ታች የሚወርደውን መንገድ ይተዉላቸው፣ በመኪና ይመለሱ። ምርኩዝ አይርሱ። ለአስጎብኚው አስቀድመው ከነገሩት አጭሩን መንገድ ይመርጥላቸዋል። እናትዎ ምናልባት ከእርስዎ የበለጠ ይጫወቱ ይሆናል። እንሰት ከሚፍቁትና ጥጥ ከሚፈትሉት እናቶች ጋር ቁጭ ብለው ቀኑ ሳይታወቃቸው ይመሻል።

«ልጆቼ 9 እና 12 ዓመታቸው ነው፣ እዚሁ ተወልደው ነው ያደጉት። በክረምቱ እረፍታቸው ይዤያቸው ልመጣ ነው። መንደርና ደን ብቻ ከሆነ አይሰለቹም?» (ከሲልቨር ስፕሪንግ፣ አሜሪካ)

እህቴ፣ የዶርዜን ቤት ያየ ልጅ አይሰለችም። ቤቱ ከቀርከሃ ተሸምኖ የሚሠራ ነው፣ ሲሠራ እስከ 12 ሜትር ከፍታ ይደርሳል። ፊት ለፊት ሲያዩት የዝሆን ራስ ይመስላል፤ ወጣ ያለው መግቢያ ኩምቢው፣ ከላይ ያሉት የጭስ መውጫዎች ዓይኖቹ። ዝሆን ድሮ በአካባቢው ይኖር ስለነበር ነው ይላሉ የአገሩ ሰዎች። ልጆቹን በጣም የሚያስገርማቸው ግን ቀጥሎ ያለው ነው። ምስጥ ከሥር ሲበላው ቤቱ እያጠረ ይሄዳል። የተበላው ተቆርጦ ይጣላል፣ ቤቱም ዝቅ ብሎ ኑሮውን ይቀጥላል። በዚህ ዓይነት አንድ ቤት ከ60 ዓመት በላይ ሊያገለግል ይችላል። ምስጡ ከበረታ ደግሞ ሰው ተሰብስቦ ቤቱን በሙሉ ተሸክሞ ወደ ሌላ ቦታ ያዛውረዋል። ስለዚህ በመንደሩ ረጅምና አጭር ቤቶችን እያወዳደሩ የትኛው የበለጠ እንዳረጀ እንዲገምቱ ያድርጓቸው። አስጎብኚው መልሱን ይነግራቸዋል።

ውስጡንም ያሳዩዋቸው። ከብቶቹ በአንድ በኩል ያድራሉ፣ ትንፋሻቸው ቤቱን ያሞቃል። ከትልቁ ቤት ጎን ትንሽ ቤት ካዩ አዲስ ተጋቢዎች የሚቆዩበት ሊሆን ይችላል። ከዚያ ወደ ሸማኔው ይሂዱ። ወንዶች ይሸምናሉ፣ ሴቶች ይፈትላሉ፣ ጥጡ የሚመጣው ከቆላ ነው። አዲስ አበባ ሽሮ ሜዳ የሚሸጠውን የአገር ልብስ የሚሠሩት የብዙዎቹ ሸማኔዎች ትውልድ አገር ይህ ተራራ እንደሆነ ይንገሯቸው። አያታቸው ለበዓል የምትለብሰው ነጠላ ምናልባት ከዚህ ሰው እጅ የወጣ ነው።

አንድ ችግር አለ። የእነሱ የእረፍት ወራት እኛ ጋ ዝናብ ነው። ቦት ጫማና የዝናብ ልብስ ይያዙላቸው፣ ጉዞውንም ያሳጥሩት።

«ከዱባይ ነው የምመጣው። ብርድ አለ ይባላል፣ እውነት ነው? ትንፋሽስ?»

እውነት ነው። አርባ ምንጭ ከባሕር ወለል በላይ 1,300 ሜትር ገደማ ናት፣ ጨንቻ 2,700 ገደማ። በየ1,000 ሜትሩ ሙቀቱ ወደ 6 ዲግሪ ይቀንሳል። ታች በካኒቴራ እያላበህ የነበርክ ሰው ላይ ስትደርስ ጃኬት ትፈልጋለህ። ከሰዓት በኋላ ጉም ብዙ ጊዜ ይወርዳል፣ ስለዚህ ጠዋት 1 ሰዓት ተነሳ። ዓባያና ጫሞን ከላይ አንድ ላይ የምታየውም ጠዋት ነው። የአዲስ አበባ ልጅ ከፍታው ብዙም አይሰማውም። አንተ ግን ቆላ ነው የከረምከውና የመጀመሪያውን ሰዓት ቀስ በል፣ ውኃ ጠጣ፣ ራስ ምታት ከበረታብህ ውረድ።

«ጉጌ ተራራንስ እግረ መንገዳችንን ብንወጣው?»

ተዉት። ጉጌ ከጨንቻም በላይ ከፍ ያለ ተራራ ነው። ለብቻው ዝግጅት የሚፈልግ ጉዞ ነው እንጂ ከመንደር ጉብኝት ጋር የሚደረብ አይደለም።

«ጾም ላይ ነኝ። ምን እበላለሁ? ቆጮ ለሆዴ ይስማማል?» (ከአዳማ)

ለጾመኛ ከዚህ የተሻለ አገር የለም። እንሰቱ ተፍቆ፣ ጉድጓድ ውስጥ ተቀብሮ ከተብላላ በኋላ በቅጠሉ ተጠቅልሎ ይጋገራል። ትኩሱን በዳጣ ትበይዋለሽ። ዳጣው ያቃጥላል፣ በጥቂቱ ጀምሪ። ማርም ያቀርባሉ፣ እሱን እንደ ጾም ልማድሽ ወስኚ። ጠንከር ያለ ሽታ አለው ብለው የሚሸሹ አሉ፤ እኔ ግን የቆጮን ትኩስ ቂጣ ሳይቀምሱ መመለስ ያሳዝነኛል። ሆድሽ ስሱ ከሆነ ግማሽ ቁራሽ ይበቃል። አረቄ ከጋበዙሽ ደግሞ እጅ ነስተሽ አልጠጣም ማለት ነውር አይደለም። በወቅቱ ከሆነ የጨንቻን አፕል ግዢ፣ ለመንገድ ይሆናል።

«ዳገቱ ላይ መኪና ሲያዩ የሚጨፍሩና የሚገለባበጡ ሕፃናት አሉ። ብር ወይም ከረሜላ ብንሰጣቸው ምን ችግር አለው?» (ከአዲስ አበባ)

ችግሩ መኪናው ነው። ልጆቹ የሚገለባበጡት ጠመዝማዛ መንገድ ላይ፣ ከጎማ ፊት ነው። በመስኮት የሚወረወር ብርና «ሃይላንድ» ነገም እዚያው እንዲቆሙ፣ ከትምህርት ቤትም እንዲቀሩ ያደርጋቸዋል። ልባችሁ ካዘነ ደብተርና እስክሪብቶ ይዛችሁ በአስጎብኚው በኩል ለትምህርት ቤቱ ስጡ። ፎቶም እንደዚሁ ነው። መጀመሪያ «ሳሮ» በሉ፣ ሰላምታቸው ነው። ከዚያ ጠይቁ። ሰውዬው እጁን ካወዛወዘ ካሜራውን ዝቅ አድርጉ። እናት ደጃፏ ላይ ሕፃን ስታጠባ ሳያስፈቅድ የሚያነሳ ሰው ያናድደኛል፤ በራሳችን ደጃፍ ማናችንም አንቀበለውም።

«ጋቢ ወይም ቡልኮ ከሸማኔው ብገዛ ይረክሳል? ልከራከር?» (ከባሕር ዳር)

ሊረክስ ይችላል፣ ግን ለዋጋው ብለህ ብቻ አትሂድ። በመደብሩ ፈንታ የሠራው ሰው ራሱ ገንዘቡን ይቀበላል፣ ዋናው ጥቅም ይህ ነው። ትንሽ መከራከር ያለ ነገር ነው። የፈትሉና የሽመናው ድካም የስንት ቀን እንደሆነ ግን መጀመሪያ ጠይቅ፣ ቡልኮ ደግሞ ወፍራም ስለሆነ ብዙ ፈትል ይፈጃል። ከሰማህ በኋላ በግማሽ ዋጋ ስጠኝ የሚል አፍ አይኖርህም። ቀይ፣ ቢጫና ጥቁር ያለበትን ዱንጉዛ የሚባለውን ሽመናም እየው፣ የአገሩ ጌጥ እሱ ነው።

«በየትኛው ወር፣ በየትኛው ቀን ብንሄድ ይሻላል?» (ብዙዎቻችሁ)

ከኅዳር እስከ የካቲት ደረቅ ነው፣ ለእግር ይመቻል። በመስከረም ዮ ማስቃላ፣ የጋሞዎች የመስቀል በዓል፣ አለ። ከሽሮ ሜዳና ከሌላም ቦታ ሸማኔዎቹ ወደ ቤተሰባቸው የሚመለሱበት ትልቁ በዓል ነው። ጭቃ ይኖራል፣ ማደሪያም ይጣበባል፣ ግን እኔ ብመርጥ እሱን እመርጣለሁ። ከአዲስ አበባ በመኪና የምትመጡ 500 ኪሎ ሜትር ገደማ ስለሆነ አርባ ምንጭ አንድ ሌሊት እደሩ፤ በአውሮፕላንም ይመጣል። ቀኑን ከገበያ ጋር አገናኙት። የዶርዜ ገበያ ሰኞና ሐሙስ ነው፣ የጨንቻ ማክሰኞና ቅዳሜ። ለሥራ ሰው ቅዳሜ ይመቸዋልና ጠዋት በደኑ ተጉዛችሁ ከምሳ በፊት ጨንቻ ገበያ ድረሱ።