ስለ ኤኒዮ ሞሪኮኔ ጠይቁኝ፦ ከደሴ

ፒያሳ አካባቢ ኪቦርድ አስተምራለሁ፤ አልፎ አልፎ ለአጫጭር ፊልሞች ማጀቢያ እሠራለሁ። የጣሊያኑን የፊልም ሙዚቃ ደራሲ ካሰማኋቸው ወዲህ ተማሪዎቼ በጥያቄ ወጥረውኛል። የሁላችሁንም እዚሁ ልመልስ። ዓመቶቹ በሙሉ እንደ ፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።

ጋሼ፣ የሠራው የካውቦይ ብቻ ነው?
ኧረ በጭራሽ! ለፊልምና ለቴሌቪዥን ከ400 በላይ ሥራ አለው፤ ካውቦዩ ጥቂቱ ነው። በ1970 ለዳሪዮ አርጀንቶ የነፍሰ ገዳይ ፊልም፣ በ1982 ለጆን ካርፔንተር አስፈሪ ፊልም፣ በ1986 ለ«ዘ ሚሽን» ደርሷል።

ታዲያ በካውቦይ እንዴት ታወቀ?
በ1928 ሮም ተወለደ፤ አባቱ ትራምፔት ነፊ ነበሩ። እሱም ትራምፔትና ድርሰት ተምሮ የዘፈን አቀናባሪ ሆነ። ዳይሬክተሩ ሰርጂዮ ሌዮኔ የአንደኛ ደረጃ የክፍል ጓደኛው ነው። በ1964 አብረው ሲሠሩ ትልቅ ኦርኬስትራ የሚቀጠርበት ገንዘብ አልነበረም። ፉጨት፣ ኤሌክትሪክ ጊታር፣ የጅራፍ ጩኸት አስገባ። አዎ፣ እንደ ቡሄው ጅራፍ!

የሚያፏጨው ራሱ ነው?
አይደለም፣ አሌሳንድሮ አሌሳንድሮኒ ነው። የሴቷ ድምፅ ደግሞ የኤዳ ዴል ኦርሶ።

ያንን የ1966ቱን ዜማ በክራር ብሞክረው ባቲ ባቲ አለኝ። ጆሮዬ ነው?
አብሽር፣ ጆሮህ ደህና ነው። «ዘ ጉድ፣ ዘ ባድ ኤንድ ዘ አግሊ» ላይ የምትሰማት የበረሃ ቀበሮ ጩኸት ላ-ሬ-ላ-ሬ-ላ ናት፤ መልሷ ፋ-ሶል-ሬ። ክራርህን ከሬ ተነሥተህ በባቲ ማይነር ቃኘው፦ ሬ፣ ፋ፣ ሶል፣ ላ፣ ዶ። ሁሉም እዚያው አሉልህ። ወረድ ሲል ግን ሚ ትመጣና ከቅኝቱ ያስወጣሃል። ከእኛ ወሰደ ብለህ እንዳታወራ ብቻ፤ አምስቱ ድምፆች በብዙ አገር ይገኛሉ። እኔ የምወድለት ሌላ ነው፦ ያቺኑ ጩኸት ለአንዱ ገጸ ባሕርይ በፍሉት፣ ለሁለተኛው በኦካሪና (በእጅ የምትያዝ ትንሽ የሸክላ ዋሽንት)፣ ለሦስተኛው በሰው ድምፅ ሰጣት። ማን እንደመጣ ሳታይ ታውቃለህ።

አስፈሪው የካርፔንተር ፊልም ላይስ?
ያው ሰው መሆኑን ትጠራጠራለህ። ወፍራም የሲንተሳይዘር ድምፅ እንደ ልብ ምት ዱ-ዱም ይላል፤ ሌላው ሁሉ ቀዝቃዛ ነው። ካርፔንተር ያልተጠቀመበትን ቅጂ ከዓመታት በኋላ ዳይሬክተሩ ታራንቲኖ «ዘ ሄትፉል ኤይት» ላይ አስገባው። ሞሪኮኔ ለዚያ ፊልም በ2016 ኦስካር ሲወስድ 87 ዓመቱ ነበር። በ2007 የክብር ኦስካር ሰጥተውታል፤ ለ«ዘ ሚሽን» ግን ነፈጉት፤ እስካሁን ያናድደኛል።

ሆሊውድ ኖሯል?
ሮምን አልለቀቀም። በ2020 እዚያው አረፈ።

መምህር፣ ኮምቦልቻ ላይ አጭር ፊልም እየቀረጽን ነው። ከእሱ ምን እንውሰድ?
ዝም ማለትን። እኔ የመጀመሪያ ሥራዬ ላይ እናት ቡና ስትቆላ እንኳ የኪቦርድ ስትሪንግ (የቫዮሊን ዓይነት ድምፅ) አልብሼ የቡናውን መንጣጣት ገደልኩት። ዳይሬክተሩ ሙዚቃውን አጥፍቶ አሳየኝ፤ አፈርኩ። የ1968ቱን «ዋንስ አፖን ኤ ታይም ኢን ዘ ዌስት» መክፈቻ እዩ፦ ሦስት ሰዎች ባቡር ይጠብቃሉ፤ የሚሰማው የንፋስ ወፍጮ ሲጢጥ ሲል፣ ውሃ ባርኔጣ ላይ ሲንጠባጠብ፣ ዝንብ ስትጮህ ነው። በዚያው ፊልም ዋና ዋናዎቹ ዜማዎች ከቀረጻው በፊት ተደርሰው ተዋንያኑ እየሰሙ ይንቀሳቀሱ ነበር። እናንተም ቀረጻውን ሳትጨርሱ ዜማውን ላኩልኝና ልስማው።