«ጨዋታ አቋራጭ» እና «የጨዋታ አቋራጭ»

ጥያቄ፦ ጤና ይስጥልኝ መምህር። ደሴ ውስጥ አነስተኛ የኮምፒውተር ጥገና ቤት አለኝ። ባለፈው ሳምንት በሩ ላይ «ጌም እንጭናለን፤ ጨዋታ አቋራጭ ዴስክቶፕ ላይ እንፈጥራለን» የሚል ማስታወቂያ ለጠፍኩ። ያነበበው ሁሉ ይስቃል። አንድ ደንበኛዬማ «ጨዋታ አቋራጭ እቤቴ ሞልቶኛል፤ እናንተ ደግሞ ምን አስፈጠራችሁ?» አለኝ። ስህተቴ ምን ላይ ነው? ለመሆኑ «አቋራጭ» ለሾርትከት፣ ማለትም ጠቅ ሲደረግ ፕሮግራሙን ለሚከፍተው ትንሽ ምስል፣ ተስማሚ ቃል ነው? ወንድሜ ትክክሉ «አቋራች» ነው ይለኛል። «መፍጠር» የሚለውም ለጆሮዬ ከበድ አለኝ። «ጌም» ልበል ወይስ «ጨዋታ»? ዴስክቶፕንስ «ገበታ» ብለው ምን ይለኛል?

መልስ፦ ደንበኛዎ ቀልደኛ ብቻ አይደሉም፤ ሰዋስውም ያውቃሉ። ከማስታወቂያዎ የጎደለችው አንዲት ፊደል ናት፤ «የ»።

አማርኛ አንድን ስም ያለ «የ» ከድርጊት ፈጻሚ ስም ፊት ሲያስቀምጥ ያ ስም ድርጊቱ የሚያርፍበት ይሆናል። ልብስ ሰፊ ልብስ ይሰፋል፤ ጫማ ጠጋኝ ጫማ ይጠግናል፤ አገር አቋራጭ አውቶቡስ አገር ያቋርጣል። እንግዲህ ጨዋታ አቋራጭም ጨዋታ የሚያቋርጥ ነው። ሰዎች ወጋቸውን ሞቅ አድርገው ሲይዙ በመሐል ገብቶ «ጨዋታ አቋረጥኩባችሁ መሰለኝ» የሚለው እንግዳ ጨዋታ አቋራጭ ነው። ልጁ ኳሷን ወደ ግብ ሊለጋ ሲል «ና ውኃ ቅዳ» ብላ የምትጣራው እናትም እንዲሁ። ከሁሉ የከፋው ጨዋታ አቋራጭ ደግሞ ባትሪ በሌለው ኮምፒውተር ላይ የሚጠፋ መብራት ነው። ደንበኛዎ እቤታቸው የሞላው ከእነዚህ የትኛው እንደሆነ መገመት አያቅትም።

«የ» ሲገባ ነገሩ ይለወጣል። «የጨዋታ አቋራጭ» ሲሉ ጨዋታው የሚቋረጥ ነገር መሆኑ ይቀርና አቋራጩ የእሱ ይሆናል። ይህ ልዩነት በሁሉም ቃል ላይ አይታይም። «ጨው ነጋዴ» ቢሉ «የጨው ነጋዴ» ቢሉ ሰውየው ያው ጨው ሻጭ ነው። «አቋራጭ» ግን ሁለት ሥራ ያለው ቃል በመሆኑ አንዷ ፊደል ከአንዱ ሥራ ወደ ሌላው ትወስደዋለች።

ሁለቱን ሥራዎች ለማየት ወደ ግሱ እንመለስ። መነሻው «ቆረጠ» ነው። ቀደም ያሉ ጸሐፊዎች «ቈረጠ» ብለው ይጽፉት ነበር፤ ይህ አጻጻፍ ዛሬ ቢቀርም አንድ ነገር ያስረዳናል። «ገደለ» ሲረባ «ተጋደለ» ይላል፤ «ገ» ወደ «ጋ» ያድጋል። በዚያው ሕግ የ«ቈ» አራተኛ «ቋ» ነውና «ተቋረጠ»፣ «አቋረጠ» እንላለን። «ቆረሰ» ብለን «እንጀራ ተቋረሱ» እንደምንለው ማለት ነው። ስለዚህ አንዳንድ የሱቅ ማስታወቂያ ላይ የሚታየው «አቆራጭ» መንገድ ስቷል።

ወንድምዎ «አቋራች» ማለታቸውም በአንድ በኩል ይገባኛል። «ከፈተ» «ከፋች»፣ «ጎተተ» «ጎታች» ስለሚል በ«ች» የሚያልቅ ፈጻሚ ስም ጆሯቸውን ሞልቶት ይሆናል። ነገር ግን «ች» የምትመጣው ግሱ በ«ተ» ሲያልቅ ነው። አማርኛ ፈጻሚውን ስም ሲሠራ የመጨረሻዋን ድምፅ ወደ ላንቃ ይስባታል፤ የምትሆነውም የራሷ ዘመድ እንጂ የሌላው አይደለም። «ወሰደ» «ወሳጅ»፣ «ለመነ» «ለማኝ»፣ «ከፈለ» «ከፋይ»፣ «ቀደሰ» «ቀዳሽ»። የ«ጠ» ዘመድ «ጭ» ናት፦ «ሸጠ» «ሻጭ»፣ «መረጠ» «መራጭ»፣ «አቋረጠ» «አቋራጭ»። ወንድምዎ ሻጭን «ሻች» ካላሉ በስተቀር አቋራጭንም «አቋራች» ሊሉት አይገባም።

አሁን ወደ ትርጉሙ። «አቋረጠ» ሁለት ፊት አለው። በአንደኛው ፊቱ ይገታል፤ ተማሪው ትምህርቱን አቋረጠ፣ ስልኩ ተቋረጠ፣ ዝናቡ አላቋርጥ አለ። በሌላኛው ፊቱ በመሐል ሰንጥቆ ያልፋል፤ መንገደኛው ወንዙን አቋረጠ፣ ሜዳውን አቋርጦ መጣ። አቋራጭ መንገድ የሁለተኛው ልጅ ነው። ዋናው መንገድ ተራራውን ሲዞር አቋራጩ በእርሻው መሐል ሰንጥቆ ይወጣል። በአማርኛ በተዘጋጁ የኮምፒውተርና የስልክ ምናሌዎች ላይ «አቋራጭ» ተብሎ የገባውም በዚህ ፊቱ ነው፤ ተርጓሚዎቹ ጥሩ መርጠዋል ባይ ነኝ። «በአቋራጭ መክበር» የሚለው አባባል ቃሉን እንዳላቆሸሸው የሚጠራጠሩ ሰዎች ያጋጥሙኛል። እኔ አይመስለኝም። በዚያ አባባል ነውሩ ያለው መክበሩ ላይ ነው፤ እረኛ በአቋራጭ ከብቱን ቢነዳ ማንም አይታዘበውም።

ደግሞም ነገሩን በመንገድ መመሰል ግድ አልነበረም። አፕል በ1991 ሲስተም 7 የተባለውን ሥርዓት ሲያወጣ ይህንኑ ነገር የሰየመው ለሰው ተለዋጭ ስም በሚያገለግል ቃል ነው፤ በእኛ «ቅጽል ስም» እንደማለት። አንድ ፋይል ሁለት ቦታ በሁለት ስም ይጠራል የሚል ሐሳብ ነው። ማይክሮሶፍት ግን በ1995 በዊንዶውስ 95 የመንገዱን ምሳሌ ያዘ፤ አገራችን የገባውም ሥርዓት በብዛት የእሱ ስለሆነ ቃላችን ከዚያ ተወለደ። ከሌሎቹ አማራጮች «ጠቋሚ» መልካም ነበር፤ በትንሿ ምስል ጥግ ላይ ያለችው ቀስትም ትደግፈዋለች። ዳሩ ግን በማውስ የምናንቀሳቅሳት ቀስት ቀድማ ስሙን ወስዳዋለች። «ማቋረጫ» እግረኛ አስፋልት የሚሻገርበት ነው። «መክፈቻ» ደግሞ ከጠርሙስ እስከ ቁልፍ ብዙ ባለቤት አለው። ስለዚህ «አቋራጭ»ን አጥብቀው ይያዙ።

ቃሉ ግን አንድ ነገር ይጠይቃል፤ ወዴት የሚያቋርጥ? መንገድ መድረሻ ይፈልጋል። ይህን የተማርኩት ከመጽሐፍ አይደለም፤ ከእህቴ ልጅ ነው። የአሥራ አንድ ዓመት ልጅ ሳለ ከጓደኛው ቤት አንድ የእግር ኳስ ጨዋታ በፍላሽ ዲስክ ገልብጦ መጣ። ግልበጣው ዐይን እስኪከደን አልፈጀም። ደስታው ወሰን አልነበረውም። እቤት መጥቶ ምስሏን ሁለት ጊዜ ጠቅ ሲያደርግ ኮምፒውተሩ ፋይሉን ፈልጎ እንዳጣው የሚገልጽ መልእክት አወጣ። ልጁ ያመጣው አቋራጯን ብቻ ነበር። አቋራጭ ጥቂት ኪሎባይት የምትሆን ፋይል ናት፤ ውስጧ የተጻፈው ጨዋታው በየትኛው ዲስክ፣ በየትኛው አቃፊ እንደተቀመጠ ነው። ጨዋታው ራሱ ብዙ ጊጋባይት ሆኖ በጓደኛው ቤት ቀርቷል። «አጎቴ፣ መንገዱን ይዤ መጥቼ ቤቱን ረሳሁት ማለት ነው?» አለኝ። ከዚህ የተሻለ ፍቺ የጻፈ መዝገበ ቃላት አላየሁም።

ተቃራኒውም ስህተት አለ። አቋራጯን ሰርዞ «ጌሙን አጠፋሁት» ብሎ የሚጨነቅ፣ ወይም ዲስኩ ሲሞላ ዴስክቶፑን አጽድቶ ቦታ ያገኘ የሚመስለው ሰው ደንበኛዎ ሆኖ መጥቶ ያውቃል ብዬ እገምታለሁ። በቋንቋችን ሁለቱን መለየት አስቸጋሪ አይደለም፦ አቋራጭ ይሰረዛል፣ ጨዋታ ይራገፋል። «መጫን» ያልነውን ከኮምፒውተሩ ስናወርድ «ማራገፍ» ማለታችን ከበቅሎና ከአህያ የወረስነው ሀብት ነው፤ ደስ ይለኛል።

ስለዚህ በ«የ» ብቻ ከመቆም ይልቅ ቃሉን ሙሉ ልብስ ቢያለብሱት ይሻላል፦ «ወደ ጨዋታው የሚወስድ አቋራጭ»። «ወደ» እና «የሚወስድ» ከገቡ በኋላ የማቋረጥ ሐሳብ ማንም አእምሮ ውስጥ አይመጣም። በረጅም ጽሑፍ ውስጥ ከሆነ አንድ ጊዜ እንዲህ ብለው ከዚያ በኋላ «አቋራጩ» ማለት ይበቃል። «የጨዋታው የዴስክቶፕ አቋራጭ» እያሉ «የ»ን መደራረብ ግን አይመከርም። «ዴስክቶፕ አቋራጭ» ብለው «የ»ን ቢጥሉ ደግሞ ወደ መጀመሪያው ችግር ይመለሳሉ፤ እንደ አገር አቋራጭ ሯጭ ዴስክቶፕን ከጫፍ ጫፍ የሚሮጥ ነገር ያስመስለዋል።

«ሾርትከት» ራሱን በፊደላችን ጽፈው ቢተዉትስ? ሰው ሁሉ ያውቀዋል፤ አልከለክልዎትም። ነገር ግን ይህ የውሰት ቃል በእኛ ከተሞች አንድ መጥፎ ስም ይዟል። ፍላሽ ዲስክ ላይ ያሉትን አቃፊዎች ደብቆ በቦታቸው አቋራጮች የሚያስቀምጠው ቫይረስ በየኢንተርኔት ቤቱና በየጽሕፈት ቤቱ ተስፋፍቶ በነበረ ጊዜ ሰው «ፍላሼን ሾርትከት በላው» ይል ነበር። ቃሉ የመሣሪያ ስም መሆኑ ቀርቶ የበሽታ ስም ሆነ። ዛሬም «ሾርትከት እንሠራለን» የሚል ማስታወቂያ ያየ ደንበኛ ቫይረስ የምታጠፉለት መስሎት ፍላሹን ይዞ ቢመጣ አይደንቀኝም። «አቋራጭ» ከዚህ ነጻ ነው።

«መፍጠር» ከበደኝ ያሉት ትክክል ነው፣ ትክክልም አይደለም። «ፋይል መፍጠር»፣ «አካውንት መፍጠር» የተለመዱ ስለሆኑ «አቋራጭ ፍጠር» ምናሌ ላይ ቢጻፍ ስህተት የለውም። ነገር ግን ሰው ከመንገድ ጋር «ፈጠረ»ን አያናግርም። መንገድ ይወጣል፣ ይጠረጋል፣ ይቀደዳል። ደንበኞችዎም «ዴስክቶፕ ላይ አውጣልኝ» እንደሚሉ እርግጠኛ ነኝ፤ አቃፊ ውስጥ የተደበቀውን ፊት ለፊት አምጣልኝ ማለታቸው ነው። ውብ አማርኛ ነው። የሚወጣው ምን እንደሆነ ግን ይጠንቀቁ። «አቋራጩን አውጣልኝ» እና «ጨዋታውን አውጣልኝ» አንድ አይደሉም። ሁለተኛውን ቃል በቃል የተረዳ ጀማሪ ሠራተኛ ጨዋታውን ከተጫነበት አቃፊ ጎትቶ ዴስክቶፕ ላይ ቢያስቀምጠው ጨዋታው አልነሣ ሊል ይችላል። መደረግ ያለበት በማስነሻ ፋይሉ ላይ በቀኝ ጠቅ አድርጎ ወደ ዴስክቶፕ መላክ፣ ወይም የ«አልት» ቁልፍን ይዞ መጎተት ነው፤ ያኔ አቋራጯ ትወጣለች፣ ፋይሉ ከቦታው አይነቃነቅም።

ስለ «ጌም» እና «ጨዋታ» አጭር መልስ አለኝ፦ ሁለቱም። «ጨዋታ» ሰፊ ነው፤ ወግም፣ የእግር ኳስ ግጥሚያም፣ የልጆች ድብብቆሽም ጨዋታ ነው። እንግዳን «ተጫወት» የምንለው ጆይስቲክ ሰጥተን አይደለም። ማስታወቂያዎን አስቂኝ ካደረጉት ነገሮች አንዱ ይኸው የቃሉ ስፋት ነው። ስለዚህ «የኮምፒውተር ጨዋታ» ካላሉ በስተቀር «ጌም» በር ላይ ለተለጠፈ ወረቀት ያገለግላል፤ ልጆቹም «ጌም ቤት» እንጂ «ጨዋታ ቤት» አይሉም። የእኔ ቅሬታ በአንድ መስመር ውስጥ «ጌም» ብለው ጀምረው «ጨዋታ» ብለው መጨረስዎ ላይ ነው፤ አንባቢ ሁለት የተለያዩ ነገሮች ይመስሉታል። አንዱን ይምረጡ።

«ገበታ»ን ስለ ዴስክቶፕ ማሰብዎን ወደድኩት። ገበታ የሚበላበትም ነው፣ የፊደል ገበታም አለ፤ ነገሮች ተዘርግተው የሚታዩበት ስለሆነ ምሳሌው ይስማማል። «ዴስክቶፕ»ም እንከን አለበት፤ እኛ ዘንድ ከላፕቶፕ የሚለየውን ባለ ሣጥኑን ኮምፒውተር ጭምር ስለምንጠራበት «ላፕቶፔ ዴስክቶፕ ላይ አውጣልኝ» የሚል ጉድ እንሰማለን። ሆኖም ከጌም ጋር አንድ መስመር ላይ «ገበታ» ብለው ቢጽፉ ዐይኑ የፈጠነ አንባቢ «ገበጣ» ብሎ ያነበውና ጠጠሮቹን ይዞ ይመጣል። ለጊዜው «ዴስክቶፕ» ይሁን።

ማስታወቂያውን እኔ ብሆን እንዲህ እጽፈዋለሁ፦ «ጌም እንጭናለን፤ ወደ ጌሙ የሚወስድ አቋራጭ ዴስክቶፕ ላይ እናወጣለን»። ወረቀቱ ጠባብ ከሆነ «ዴስክቶፕ ላይ» የሚለውን ይተዉት፤ አቋራጭ የት እንደሚወጣ ደንበኛ ያውቃል። «ወደ»ን ግን እንዳይነኳት።