ትምህርቴን ትቼ ወደ ሴቶች መብት ሥራ ልግባ?

ውድ እህቴ፣

በደብዳቤሽ የሁለተኛ ዓመት የሃይድሮሎጂ ተማሪ መሆንሽን፣ ትምህርቱም በምርጫሽ ሳይሆን በምደባ የደረሰሽ መሆኑን ገልጸሽልኛል። ስለ አፍጋኒስታናዊቷ የፓሽቱን ተወላጅ ፖለቲከኛ ስለ ወይዘሮ ሹክሪያ ባራክዛይ ካነበብሽ ወዲህ ልብሽ ወደ ሴቶች መብትና ወደ ፖለቲካ ስላዘነበለ፣ «ትምህርቴን አቋርጬ አሁኑኑ ብገባበት ምን ይመክሩኛል?» ብለሽ ጠይቀሻል።

እንዳታቋርጪ እመክርሻለሁ። ምክንያቴንም ከወይዘሮ ሹክሪያ ከራሳቸው ሕይወት ላስረዳሽ። ሳታስተውዪው አልፈሽው ካልሆነ በቀር፣ እሳቸውም በካቡል ዩኒቨርሲቲ የተማሩት ካንቺ የትምህርት ዘርፍ ብዙም ያልራቀውን የውኃና የአየር ሁኔታ ሳይንስ ነው። በ1990ዎቹ (እ.ኤ.አ.) መጀመሪያ ትምህርታቸውን ከመካከል ያቋረጡት ጦርነቱ ስላስገደዳቸው እንጂ ፖለቲካ ስላማራቸው አልነበረም። ታሊባን ከሥልጣን ከወረደ በኋላም ተመልሰው ዲግሪያቸውን ይዘዋል።

በደብዳቤሽ ውስጥ አብልጠሽ የጠቀስሽው የምክር ቤት አባልነታቸውን ነው። እኔ ግን ከዚያ በፊት የነበሩትን ዓመታት ደጋግመሽ እንድታጤኚ እፈልጋለሁ። በ1999 (እ.ኤ.አ.) ታመው፣ ባለቤታቸውም ሥራ ስለነበረባቸው፣ ወንድ ሳያስከትሉ ወደ ሐኪም በመሄዳቸው የታሊባን የሃይማኖት ፖሊሶች ደበደቧቸው። ለዚህ ድብደባ የሰጡት ምላሽ ለልጃገረዶች በስውር ትምህርት ቤት መክፈት ነበር። ስማቸውን ማንም በማይጠራበት፣ ከተደረሰባቸውም ብርቱ ቅጣት በሚጠብቃቸው በዚያ ዘመን ማስተማራቸው፣ ለእኔ ከኋላ ከመጣው ሹመት ሁሉ ይበልጥብኛል። በ2002 «አይና-ኤ-ዛን»፣ ማለትም «የሴቶች መስታወት» የተባለ ሳምንታዊ ጋዜጣ መሠረቱ፤ በ2003 አዲሱን ሕገ መንግሥት እንዲመክርበትና እንዲያጸድቅ ለተጠራው፣ ሎያ ጅርጋ ለሚባለው ታላቅ ብሔራዊ ጉባኤ አባል ሆኑ። ወለሲ ጅርጋ ለሚባለው የታችኛው ምክር ቤት የተመረጡት በ2005 ነው። ያ ሕገ መንግሥት ከየክፍለ ሀገሩ በአማካይ ቢያንስ ሁለት ሴቶች እንዲመረጡ ስላዘዘ፣ ከ249 መቀመጫዎች 68ቱ ለሴቶች ተጠብቀው ነበር። በሩን የከፈተው ሕጉ ነው ማለት ይቻላል፤ ሆኖም ወይዘሮ ሹክሪያ ለውድድር ሲቀርቡ ያስተማሯቸው ልጆችና ያሳተሙት ጋዜጣ ስለ እሳቸው ይመሰክሩላቸው ነበር።

ወደ እኔ የሚመጡ ብዙ ወጣቶች ቁጭታቸው እውነተኛ ነው፤ ነገር ግን አንድ ቃለ ጉባኤ አስተካክለው ለመጻፍ ይቸገራሉ። ስለዚህ ከዩኒቨርሲቲሽ ሳትወጪ የሥርዓተ ፆታ ጽሕፈት ቤቱን ወይም የሕግ ትምህርት ቤቱን ነፃ የሕግ ድጋፍ ማዕከል በበጎ ፈቃድ አገልግዪ። ባለጉዳይ ማስተናገድን፣ አቤቱታ በሥርዓት መመዝገብን፣ ምስጢር መጠበቅን የምትማሪው እዚያ ነው። ሙያሽም ቢሆን ከዓላማሽ የራቀ አይደለም። ምንጭ ሲደርቅ እንስራዋን አዝላ ሌላ ምንጭ ፍለጋ የምትሄደው፣ በዚያውም ከትምህርት ገበታዋ የምትቀረው ሴት ልጅ ናት፤ ውኃው ለምን እንደጎደለ በቁጥር አስደግፎ ለወረዳ ምክር ቤት የሚያስረዳ ባለሙያ የመብት ሥራ እየሠራ ነው። ለሥራ ፍለጋሽ የሚጠቅምሽን አንድ ነገር ልጨምር፦ ከገቢያቸው ከ10 በመቶ በላይ ከውጭ የሚያገኙ ድርጅቶችን በመብት ጉዳይ እንዳይሠሩ ይከለክል የነበረው አዋጅ ቁጥር 621 በ2011 ዓ.ም. በአዋጅ ቁጥር 1113 ስለተተካ፣ ዛሬ በዚህ መስክ ተቀጥሮ መሥራት ከቀድሞው ይልቅ ይቻላል።

ዋጋውን ግን ልደብቅሽ አልችልም። በኅዳር 2014 (እ.ኤ.አ.) በካቡል አንድ አጥፍቶ ጠፊ በመኪናቸው ላይ ባደረሰው የቦምብ ጥቃት ሰዎች ሲሞቱ፣ እሳቸው ቆስለው ተርፈዋል። ኋላ በኖርዌይ የአገራቸው አምባሳደር ሆነው ሠሩ፤ በ2021 ታሊባን ሲመለስ ግን አገራቸውን ጥለው ወደ ብሪታንያ ለመሰደድ ተገደዱ። ይህን ከወላጆችሽ ጋር ቁጭ ብለሽ ሳትነጋገሪበት እንዳትወስኚ አደራ እልሻለሁ።

በመጪው ክረምት ወደ ቤተሰቦችሽ ስትመለሺ፣ በቀበሌያችሁ ውኃ የሚቀዱ ሴቶችን አነጋግረሽ፣ የሚሄዱበትን ርቀትና የሚፈጅባቸውን ሰዓት መዝግበሽ ሁለት ገጽ ጻፊና ላኪልኝ። እኔም አንብቤ የት ማቅረብ እንደምትችዪ እጽፍልሻለሁ።