ማር በኪሎ፣ ውሃ በሊትር

ጥያቄ፦ መምህር፣ ለልጄ ክርስትና ጠጅ ልጥል ብዬ ጎረቤቴን ብጠይቃት «አንድ ለሦስት ነው» አለችኝ። በ5 ኪሎ ማር 15 ሊትር ውሃ አደረግሁ። ጌሾው ገና አልገባም። ትናንት ብርዙን ብቀምሰው ቀጥኗል። ማሩ ስኳር የገባበት ይሆን? ነጋዴውን ልጣላው ነው።
የልጅ እናት፣ ከአዲስ አበባ

መልስ፦ ነጋዴውን ለጊዜው ይተዉት። ጎረቤትዎ ያሉት «አንድ ለሦስት» የስፍር ነው፤ አንድ ጣሳ ማር፣ ሦስት ጣሳ ውሃ። እርስዎ ማሩን በኪሎ፣ ውሃውን በሊትር ለኩት። ውሃ አንዱ ሊትር አንድ ኪሎ ነው። ማር ግን ይከብዳል። የአንድ ሊትር ሃይላንድ ጢም አድርገው ማር ቢሞሉበት 1 ኪሎ ከ400 ግራም ገደማ ይመዝናል።

ስለዚህ 5 ኪሎዎ ሲሰፈር ሦስት ሊትር ተኩል ገደማ ነው። የሚበቃው ውሃ 10 ሊትር ተኩል ያህል ነበር። አሁን ያለዎት ብርዝ አንድ ለአራትንም አልፏል።

የገባ ውሃ አይወጣም፤ ማር ይጨምሩ። ለ15 ሊትር ውሃ 5 ሊትር ማር ያስፈልጋል። 5 በ1.4 ሲባዛ 7 ኪሎ። የጎደለው 2 ኪሎ ነው። ታዲያ አዲስ ውሃ እንዳይነኩ! ከዚያው ከብርዙ ቀንሰው፣ ማሩን በጥብጠው ይመልሱት። ማሩ ከነሰፈፉ ከሆነ ግን 2 ኪሎው ላይበቃ ይችላል። ሰፈፉም ተመዝኗላ! እዚያ ላይ ምላስዎን ይመኑ።

እናቴ ሚዛን አልነበራትም። ጠርዙ የተጣመመ የወተት ዱቄት ጣሳ ነበራት። ማሩንም ውሃውንም የምትሰፍረው በሱ ነው። ስንት ሊትር እንደሚይዝ ጠይቃም አታውቅ። እኔ ሂሳብ አስተማሪው ግን ለወንድሜ ሰርግ ልክ እንደ እርስዎ በኪሎ ጣልኩ። አክስቴ ብርሌውን ወደ ብርሃን ቀና አድርጋ አየችና «ይሄ ጠጅ ነው የማር እጣቢ?» አለችኝ። እስከ ዛሬ ያነሱብኛል።

ጥያቄ፦ የምሠራበት ቤት 5 ፐርሰንቱን በረኪና ወደ 0.5 አውርጂው ተባልኩ። ለአንድ ኩባያ 10 ኩባያ ውሃ ላድርግ?
የጽዳት ሠራተኛ

መልስ፦ 9 ነው እህቴ። አሥር እጥፍ ይቅጠን ሲባል በረኪናውም ከአሥሩ አንዱ ሆኖ ይቆጠራል፤ 1 እና 9፣ 10። ኩባያው ለሁለቱም አንድ ይሁን። የዕለቱን ብቻ በጥብጪ፤ ሲያድር ኃይሉ ይቀንሳል። ከሌላ ማጽጃ ጋር ደግሞ በፍጹም እንዳትቀላቅይው።