እርሳስ የቀቀለው ልጅ

ጥያቄ፦ የ11 ዓመት ልጄ ሃሪ ፖተርን ማንበብ ከጀመረ ወዲህ ወሬው ሁሉ ኒኮላስ ፍላሜል ሆኗል። ተራውን ብረት ወርቅ የሚያደርግ ድንጋይ የሠራ፣ 665 ዓመት የኖረ ሊቅ ነው አሉ። ባለፈው ሳምንት የትምህርት ቤት እርሳሶቹን በሻይ ጀበና ሲቀቅል ያዝኩት። «እርሳስ ወርቅ ይሆናል» ብሎ ድርቅ አለ። ሰውየው የእውነት ነበረም ይለኛል። እውነት ነው እንዴ?
የሁለት ልጆች እናት፣ ከታቦር፣ ሐዋሳ

መልስ፦ እህቴ፣ ልጁን አትቆጪው። ያሳሳተው አማርኛችን ነው። ለብረቱም ለመጻፊያውም «እርሳስ» እንላለን። በመጻፊያው ውስጥ ያለው ግን ግራፋይት ነው፣ የከሰል ዘመድ። ብረቱ መርዝ ስለሆነ እሱን ፍለጋ እንዳይወጣ ብቻ አስጠንቅቂው።

በሁለተኛው ነገር ግን ልጅሽ ረትቶሻል። ፍላሜል በእርግጥ ነበረ። ፓሪስ ውስጥ መጻሕፍት በእጁ እየጻፈ፣ እያባዛ የሚኖር ጸሐፊ ነበር። (ዓመቶቹን በአውሮፓውያን አቆጣጠር ያዢልኝ።) ሚስቱ ፔረኔል ሁለት ባል የሞተባት፣ የራሷ ንብረት ያላት ሴት ነበረች። ከእሷ ሀብት፣ ከጽሕፈቱ፣ ቤትና ቦታ ከመግዛት ተጠራቅሞ ሀብታም ሆኑ። ወርቁ ይኸው ነው።

እሷ በ1397 ሞተች። እሱ በ1407 ያሠራው ቤት ግን እስከ ዛሬ ቆሟል፤ ከፓሪስ የድንጋይ ቤቶች አንጋፋው ይባላል። ምድር ቤቱን ለሱቅ አከራየ፣ ፎቁ ላይ ድሆች አስጠለለ። ከድሆቹ የሚጠይቀው በየቀኑ ለሙታን «አባታችን ሆይ» እንዲደግሙ ነበር። (እንዲህ ያለ አከራይ ሐዋሳ ውስጥ ካወቅሽ ጠቁሚኝ።) በ1418 ሞተ። የድንጋዩና የወርቁ ወሬ የመጣው ከዚያ በኋላ ነው። በ1612 በስሙ አንድ የአልኬሚ፣ ማለትም ተራ ብረትን ወርቅ የማድረግ ጥበብ መጽሐፍ ታተመ፤ ሳይንቲስቱ ኒውተን ሳይቀር አንብቦ ማስታወሻ ይዞበታል።

ይህን ሳስብ ትዝ የሚሉኝ የልጅነት ጎረቤታችን መሪጌታ ናቸው። በብራና ላይ፣ በመቃ ብዕር ዳዊት ይጽፉ ነበር። አንድ ቀን ለቀለም የሚሆን ጥላሸት ከእናቴ ድስት ቂጥ ፍቄ እንዳመጣላቸው ላኩኝ። እናቴ ጉድ አለች። «የቤቴን ጥላሸት ምን ሊደግሙበት ነው?» ብላ ድስቱን እዚያው ፈትጋ አጠበችው። ቆይተው ቤታቸውን በብሎኬት ሲያሠሩማ ሰፈሩ «ጋኔን ሳቢ ናቸው» አለና ፋይሉን ዘጋ። ሚስታቸው ጎህ ሳይቀድ ሐይቁ ዳር አሞራ ገደል ወርደው ዓሣ እየተረከቡ ለምግብ ቤቶች ሲያደርሱ ግን ሁላችንም እናይ ነበር። በቅርጫት! ስለ ቅርጫቱ ያወራ ሰው አልሰማሁም። የፔረኔልም ነገር እንዲሁ ነው የሆነው።

ልጅሽ «ታዲያ ሰውየው አልሞተም ወይ?» ካለ የመቃብር ድንጋዩን ንገሪው። ፍላሜል በሕይወት እያለ ራሱ ያሠራው ነው። የተቀበረበት ቤተ ክርስቲያን ሲፈርስ ድንጋዩ ጠፋ። በኋላ አንድ ሱቅ ውስጥ ቅጠላ ቅጠል ሲከተፍበት ተገኘ ይባላል። አሁን ፓሪስ፣ ክሉኒ ሙዚየም ውስጥ ነው።

መቀቀሉ ካልለቀቀው ደግሞ ቀለም ይሥራ። ከድስትሽ ቂጥ ጥላሸት ፍቆ፣ በውሃ ከሟሟ የግራር ሙጫ ጋር በአሮጌ ጣሳ ያሽው። ሸምበቆ ቀርጾ ይጻፍበት። ድስቱን ብቻ እንደ እናቴ ቶሎ አትጠቢበት።