ሳይፈረድበት የሚበሰብስ አይሱዙ፣ እና ሌሎች ጥያቄዎቻችሁ

የዚህ ሳምንት ደብዳቤዎች የተማከሩ ይመስል ሁሉም ስለተያዘ ንብረት ናቸው። አንዱ ጠያቂ አምስት ገጽ ጽፈዋል። አራቱ ስለ ምራታቸው ስለሆነ አምስተኛውን ብቻ እመልሳለሁ።

ስልኬ ኤግዚቢት ሆኗል። ተወረሰ ማለት ነው? (ከዳንግላ)

አይደለም። ለማስረጃ ተያዘ ማለት ነው። ሲወሰድ የተፈረመበትን ወረቀት ቅጂ እንዳይጥሉት።

ሊብሬው በባለቤቴ ስም ነው። አቤቱታው ላይ ማን ይፈርም? (ባለ አምስት ገጹ፣ ከደብረ ማርቆስ)

ባለቤትዎ።

አልተከሰስኩም፣ መኪናዬ ግን ታስሯል። ፍርዱን ልጠብቅ? (ከቡሬ)

ጸሐፊዋ ባላቸው የተዉላቸውን አይሱዙ በሾፌር ያሠሩ ነበር። ሾፌሩ ኬላ ላይ ኮንትሮባንድ ጭኖ ተያዘ። መኪናው አምስት ወር ግቢ ውስጥ ቆሟል።

እናቴ፣ አይጠብቁ። እንዲህ ያለ ግቢ ገብቼ አይቻለሁ። ጎማው ተንፍሶ መሬት ነክቷል፣ ሣሩ በሞተሩ ሥር አልፎ ወጥቷል፣ አንዲት ዶሮ ሸራው ሥር ታቅፋ ተቀምጣለች። የጎጃም ክረምት አንዴ ካለፈበት፣ ባለቤቱ ቢረታም መንግሥት ቢወርሰውም የሚረከቡት ቆርቆሮ ነው።

መያዝ ሌላ፣ መውረስ ሌላ። የጉምሩክ አዋጅ ቁጥር 859/2006፣ በ1160/2011 እንደተሻሻለው፣ ኮንትሮባንድ ያጓጓዘ መኪና እንዲወረስ በር ይከፍታል። ግን እስኪወሰን ድረስ ንብረቱ የእርስዎ ነው። ሰዉ “ጉዳዩ ተይዟል” ሲባል እጁን አጣጥፎ ይቀመጣል። እኔን የሚያናድደኝ ይሄ ነው። ካልጠየቁ ማን ይለቅልዎታል?

በጽሑፍ ይጠይቁ። መጀመሪያ የያዘውን መሥሪያ ቤት፣ ከዚያም መዝገቡ ያለበትን ችሎት። ዳኛውን የሚያሳስበው አንድ ነገር ነው፤ መኪናው ከወጣ ተሸጦ ወይም ተደብቆ ይቀር ይሆን? ስለዚህ መልሱን ይዘው ይግቡ። ሊብሬውን፣ ከሾፌሩ ጋር የተዋዋሉበትን ወረቀት፣ በመኪናው ግምት ልክ ዋስ። “እንዳይሸጥ እግድ ይመዝገብበት፣ በተጠራ ጊዜ አቀርባለሁ” ይበሉ። መኪናው ያለበትን ሁኔታ ፎቶ ያያይዙ። ፍርድ ቤቱ እምቢ ሊል ይችላል። ቢያንስ ግን ጥያቄዎ መዝገብ ላይ ይሰፍራል።

ጠበቃ ይያዙ። ለወጉ ያህል እያልኩ አይደለም። የጉምሩክ መዝገብ የሠራ ሰው ይሁን፤ የቀን ገደብ ካለፈ ጥሩ ክርክርም አያድንም።

ልጄ አሜሪካ የሚሠራበት መኪና ተያዘበት። እዚያም እንደኛ ነው? (ከሞጣ)

የፌዴራል መንግሥቱ ከያዘበት፣ እነሱ በ2000 (በፈረንጆች) ያወጡት ሕግ አለ። ልጁ መጀመሪያ የያዘውን መሥሪያ ቤት ይጠይቃል። በ15 ቀን ካልተለቀቀለት ፍርድ ቤት ይሄዳል። የመኪናው መያዝ ሥራ አሳጥቶት እንደሆነ፣ በአካባቢው ሥር የሰደደ ኑሮ እንዳለው፣ ችግሩ መኪናው ይጠፋል ከሚለው ስጋት እንደሚያመዝን ማሳየት አለበት። የቡሬዋ እናት እነዚህን ነጥቦች ቢዋሱ አይከፋም። በ2024 ግን ጠቅላይ ፍርድ ቤታቸው በአላባማ የተያዙ መኪኖችን ጉዳይ አይቶ፣ መኪናው እስከ ፍርዱ ይቆይ ወይስ ይለቀቅ የሚለውን ብቻ የሚያይ የተለየ ቅድመ ችሎት ይሰየም ብሎ ሕገ መንግሥቱ አያስገድድም ብሏል። ክልሎቹም የየራሳቸው ሕግ አላቸው። የቀረውን እዚያው ያለ ጠበቃ ይንገረው።

በወንድሜ ዕዳ የእኔ በሬ ተከበረ (በፍርድ ቤት ትእዛዝ ተያዘ)። (ከቢቸና)

ነገሩ እንዲህ ነው። ሁለቱ ወንድማማቾች አንድ አንድ በሬ አላቸው፣ በሬዎቻቸውን አጣምረው መቀናጆ ያርሳሉ። የፍርድ አስፈጻሚው የመጣ ቀን ሁለቱም በሬዎች የታሰሩት ወንድምዬው ደጅ ነበር።

ወንድሜ፣ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 418 ለእንደ እርስዎ ያለ ሰው የተጻፈ ነው። ንብረቴ ያለአግባብ ተያዘ የሚል ሰው፣ ተከራካሪ ባይሆንም ተቃውሞ ያቀርባል። ችግሩ በሬ ሊብሬ የለውም። ሕጉም ዕቃው በእጁ የተገኘን ሰው ባለቤት ነው ብሎ ይገምታል። ግምቱን የሚያፈርስ ምስክር ያስፈልግዎታል። የሸጠልዎት ሰው፣ መቀናጆውን የሚያውቅ ጎረቤት። ወንድምዎም ለራሱ በሬ አንቀጽ 404ን ይጥቀስ፤ ባለዕዳ ለሙያው የሚሠራበት መሣሪያ አይያዝም ይላል። በሬ መሣሪያ አይደለም የሚል ካለ፣ ያለ በሬ አርሶ ያሳየን።

ሐራጁ ማክሰኞ ነው ብለዋል። ደብዳቤዎ የደረሰኝ ዓርብ ነው። ይህን የሚያነቡት ሰኞ ከሆነ፣ ማንበቡን ይተዉና ምስክሮችዎን ይዘው ይሂዱ።