ጦጣዎቹን መመገብ ባቆም ይራቡብኝ ይሆን?

ጥያቄ፦ ጤና ይስጥልኝ ዶክተር። የምኖረው ሐዋሳ፣ ሐይቁ አጠገብ ነው። ግቢዬ ውስጥ ትልቅ ሾላ አለ። ጠዋት ጠዋት ጦጣዎች ይመጡልኛል፤ የተረፈ እንጀራ፣ ዳቦ፣ አንዳንዴም ሙዝ እሰጣቸዋለሁ። ባለቤቴ ካረፈ ወዲህ ማለዳዬን የሚያደምቁልኝ እነሱ ናቸው። አሁን ግን ጎረቤቶቼ «ማድቤታችን ገቡ፣ በቆሎአችንን ጨረሱ» ብለው ተቆጥተውኛል። በቅርቡም አንዷ ከልጅ ልጄ ብስኩት ስትነጥቅ እጁን ቧጭራ አደማችው። የእግዜርን ፍጥረት መመገብ ነውር ነው ወይ? ድንገት ባቆምስ በረሃብ አያልቁብኝም?
አያት ነኝ፣ ከሐዋሳ

መልስ፦ እማማ፣ ስለ ልጁ ደብዳቤዎ እንደደረሰኝ በስልክ ነግሬዎታለሁ፤ ለሌሎች አንባቢዎች ስል ልድገመው። ጦጣ የነከሰችው ወይም የቧጨረችው ቁስል ወዲያው በሳሙናና በሚወርድ ውኃ 15 ደቂቃ ያህል ይታጠባል፤ ከዚያ ሳይውል ሳያድር ጤና ተቋም መሄድ ነው። የእብድ ውሻ በሽታ በአገራችን ሰውን የሚይዘው በአብዛኛው በውሻ በኩል ቢሆንም ማንኛውም አጥቢ እንስሳ ሊያስተላልፈው ይችላል። ምልክቱ ከታየ በኋላ የሚተርፍ የለም ማለት ይቻላል፤ ክትባቱ ግን በጊዜው ከተወሰደ ያድናል። «ጭረት ናት»፣ «ቀኑ አልፏል» ብሎ የሚቀር ሰው አልፈልግም።

ጦጣዋ በልጁ ላይ ክፋት አስባ አይደለም። ምግብ ከሰው እጅ እንደሚገኝ ተምራለች፤ ብስኩት የያዘ እጅ ለእሷ የማንም እጅ አይደለም። ደግሞ ልጆች ሲደሰቱ ጥርሳቸውን ገልጠው ዓይን ዓይኗን ያያሉ። በጦጣ ዘንድ አፍጥጦ ማየት ጠብ መፈለግ ነው። ቅንድቧን ሽቅብ ስባ ነጣ ያለውን የዓይን ቆቧን ካሳየች «ራቅ በል» እያለች ነውና ዓይንን መልሶ፣ ሳይሮጡ፣ ቀስ ብሎ ማፈግፈግ ይሻላል። የነጠቀችውን ለማስጣል መታገል አያስፈልግም፤ ጉንጯ ውስጥ ባለው ከረጢት አጭቃው ትሄዳለች።

ርኅራኄዎን አልነቅፍም። ግን እርስዎ የሚሰጡት እንጀራ መዘዙ ከግቢዎ ውጭ ነው የሚታየው። ምግብ በቀላሉ ሲገኝ ግልገሉ ይበዛል፤ የበዛው መንጋ በእርስዎ ቁርስ ብቻ አይኖርም፣ የጎረቤት ማድቤትና ማሳ ይገባል። እዚያ የሚጠብቀው ድንጋይ፣ ውሻ፣ አንዳንዴም መርዝ ነው። ሰው ያቆላመጣት ጦጣ ደግሞ ሰው አትሸሽም፤ ድንጋዩን ቀድማ የምትቀምሰው እሷ ናት። የእኛ በሽታም ይተላለፍባቸዋል፤ ሳንባ ነቀርሳ ጦጣንም ይይዛል።

እዚያው ሐዋሳ፣ ሐይቁ ዳር ካለው የዓሣ ገበያ ከአሞራ ገደል ሄጄ ሰው ለጉሬዛ ሙዝና ለውዝ ሲዘረጋ ሳይ ደግሞ የባሰ አዝናለሁ። ጉሬዛ በዋናነት ቅጠል በል ነው። ጨጓራው እንደ ላም ሆድ ክፍል ክፍል አለው፤ ቅጠሉን የሚያብላሉለት ውስጡ የሚኖሩ ባክቴሪያዎች ናቸው። ጣፋጭ ሲገባበት ቶሎ ይቦካል፣ አሲዱ ይጨምራል፣ ሆዱ ይነፋል። ሰጪው ግን ፎቶውን አንስቶ ሄዷል።

እንስሳ በሰው ምግብ ላይ ሲደገፍ ምን እንደሚመጣ ከትግራይ ጅቦች በላይ የሚያሳይ አላውቅም። የመቀሌ ዩኒቨርሲቲው ግደይ ይርጋና ባልደረቦቹ በ2012 (እ.ኤ.አ.) ባሳተሙት ጥናት የጅብ ዓይነ ምድር ሰብስበው ውስጡ ያለውን ፀጉር መረመሩ። ጅቦቹ ከሰው የሚተርፈውን ሥጋና አጥንት የለመዱ ናቸው። ዐቢይ ጾም ገብቶ ሥጋ ቤቱ ሲዘጋ የአህያ ፀጉር ጎልቶ ጨመረ፤ ጾሙ ሲፈታ መልሶ ቀነሰ። የእኛ ማዕድ ሲታጠፍ ዕዳውን የከፈለው የገበሬው አህያ ነው።

«የሐረሩስ?» የሚል አንባቢ አይጠፋም። የሐረር የጅብ ምገባ በለመዱ ሰዎች እጅ፣ በምሽት፣ ከከተማዋ ጋር ረጅም ትውውቅ ካላቸው ጅቦች ጋር የሚደረግ ነው። አከብረዋለሁ፤ ግን በረንዳ ላይ የሚኮረጅ አይደለም።

ወደ ረሃቡ ጥያቄዎ ልምጣ። አይራቡም፣ እማማ። የሾላ ፍሬ፣ የግራር ሙጫና አበባ፣ ዘር፣ ነፍሳት፣ ይህ ሁሉ የራሳቸው ማዕድ ነው። ልብዎ ካልቻለ ልምላሜ በሚበዛበት በክረምት ያቁሙ። ካቆሙ ግን ጨርሰው ያቁሙ። መጀመሪያ አካባቢ ብሰው ይመጣሉ፤ በር ይመታሉ፣ ይጮኻሉ። በዚህ ጊዜ አንድ ቁራሽ ከወረወሩ «ብዙ ከጮኽን ይሰጡናል» የሚለውን አስተማሯቸው ማለት ነው፤ አልፎ አልፎ የሚሰጥ ምግብ በየቀኑ ከሚሰጠው ይልቅ እንስሳን ችክ ያደርገዋል። የቆሻሻ ማጠራቀሚያው ከባድ ክዳን ይኑረው፣ ፌስታል ደጅ አይደር፣ የማድቤቱ መስኮት ወንፊት ይመታበት።

ጎረቤቶችዎንም አንድ ቀን ቡና ይጥሯቸውና ሁሉም በአንድ ጊዜ እንዲያቆሙ ይስማሙ፤ አንድ ቤት ከቀጠለ መንጋው ከሰፈሩ አይርቅም። ማንም መርዝ እንዳያስቀምጥም እዚያው ቃል ያስገቧቸው፤ መርዝ ጦጣንና ውሻን ወይም ሕፃን ልጅን አይለይም። ሾላውን ግን አደራ፣ እንዳያስቆርጡት። ጦጣዎቹ ለፍሬው መምጣታቸው አይቀርም፤ ያን ጊዜ በረንዳዎ ላይ ሆነው ባዶ እጅዎን ይመልከቷቸው።